ፊሊፒኖ እህቶቻችን የሚያዩት የወጥ ቤት ካርቱን ለምን ልብ ይይዛል?

(በኸሊፋ ሲቲ ለቤት ሠራተኛ እህቶች የተደረገ ንግግር)

ዛሬ የምነግራችሁ ስለ ካርቱን ነው። አትሳቁ፤ ሰምታችሁ ስትጨርሱ ከእኛ ሥራ ጋር ምን እንደሚያገናኘው ታዩታላችሁ። ዓመቶቹን ሁሉ የምጠራው በፈረንጆች አቆጣጠር ነው።

ብዙዎቻችን ከፊሊፒኖ ጋር አንድ ክፍል እንጋራለን። ሥራ አልቆ፣ ዕቃው ታጥቦ፣ መብራቱ ሲጠፋ ስልኳን ትራሷ ላይ ደገፍ ታደርግና ካርቱን ትከፍታለች። የሁለት የሦስት ልጆች እናት የሆነች ትልቅ ሴት ካርቱን ስታይ መጀመሪያ ይገርመናል። ካርቱኑ ደግሞ ስለ ምግብ ነው። ቀኑን ሙሉ ወጥ ቤት ቆማ ውላ፣ ማታ ደግሞ ሌላ ሰው ሲያበስል ታያለች። ይህ ምን ዓይነት ፍቅር ነው? እኔም ይህን ስጠይቅ ቆይቼ አብሬ ማየት ጀመርኩ፤ የገባኝን ላካፍላችሁ።

ካርቱኑ ምንድን ነው?

ከሁሉ የበለጠ የሚወዱት «ኩኪንግ ማስተር ቦይ» የሚባለው ነው። የተሠራው በጃፓን ነው። መጀመሪያ በሥዕል መጽሐፍ የወጣው ከ1995 ጀምሮ ሲሆን ሠዓሊው ኤትሱሺ ኦጋዋ ይባላል። በ1997 ኒፖን አኒሜሽን የተባለው ድርጅት ለቴሌቪዥን ሠራው፤ 52 ክፍል አለው። በ2019 እና በ2021 ደግሞ በአዲስ ሥዕል እንደገና ተሠርቷል። አሮጌው በታጋሎግ ድምፅ ተመልሶ በፊሊፒንስ ቴሌቪዥን ታይቷል። ያኔ ከትምህርት ቤት ገብተው ያዩት ልጆች ናቸው ዛሬ አብረውን የሚሠሩት።

ጃፓኖች ይሥሩት እንጂ ታሪኩ የሚሆነው በቻይና ነው፤ ዘመኑም የ1800ዎቹ የንጉሥ ዘመን ነው። ማኦ የሚባል ልጅ አለ፤ ዕድሜው አሥራ ሦስት ነው። እናቱ ፓይ በሲቹዋን አገር ምግብ ቤት ነበራት፤ በሙያዋ ስሟ የገነነ ነበረች። እናትየው ትሞታለች። ያኔ እሷ ያስተማረችው ሻኦአን የሚባል ሰው ምግብ ቤቱን ሊወስድባቸው ይመጣል። ማኦና እህቱ እንዳይነጠቁ ፈተናው በምግብ ይሆናል። የሚሠራው ማፖ ቶፉ የሚባል የአገሩ ወጥ ነው።

ቶፉ ምን እንደሆነ ላላያችሁት ልንገራችሁ፤ እዚህም በየሱፐርማርኬቱ ይሸጣል። የአኩሪ አተር ወተት ሲረጋ የሚወጣ ነጭ ነገር ነው፤ መልኩ አይብ ይመስላል። ማፖ ቶፉ ደግሞ እሱን ከተፈጨ ሥጋ፣ ከሚያቃጥል በርበሬና ምላስ ከሚያደነዝዝ የሲቹዋን ቁንዶ በርበሬ ጋር የሚሠሩት ነው። ማኦ የእናቱ ማፖ ቶፉ ከሌላው ሰው ለምን እንደሚለይ ማወቅ አለበት። ምስጢሩ በመጨረሻ ሲወጣ፣ እናቱ በሥጋው ፋንታ የምታደርገው አኩሪ አተር ነበር። እህቶቼ፣ ይህን ሳይ አልጋዬ ላይ ተነሥቼ ተቀመጥኩ። ሥጋ ሳይገባበት ሥጋ ሥጋ የሚል ወጥ መሥራት ለእኛ ምን አዲስ ነገር ነው? ሁዳዴን ሃምሳ አምስት ቀን በሽሮ፣ በምስር፣ በተልባ ቤተሰብ ያሳደረች ሴት ይህን ትምህርት ከማኦ እናት ጋር እኩል ታውቀዋለች።

አንድ ነገር ልጨምር። ይህ ማፖ የሚባለው ስም የአንዲት የእውነት ሴት መጠሪያ ነው። በሲቹዋን ዋና ከተማ በቼንግዱ በዚያው በ1800ዎቹ ዘመን ትኖር የነበረች፣ ፊቷ የፈንጣጣ ጠባሳ የነበረበት ወጥ ሠሪ ናት ይላሉ። «ማ» ማለት የጠባሳው ምልክት፣ «ፖ» ማለት አሮጊት ነው። ቼን የሚለው የባሏ ቤተሰብ ስም ቀርቷል፤ የእሷ የራሷ ስም አልቀረም። ምግቧን ዛሬ ዓለም ሁሉ ይበላዋል፤ የምትጠራው ግን በፊቷ ጠባሳ ነው። ይህን ያዙልኝ፤ በኋላ እመለስበታለሁ።

በታጋሎግ መሆኑ

ካርቱኑን ከሚያስወድዱት ነገሮች የመጀመሪያው ቋንቋው ነው። ፊሊፒንስ ውስጥ እንግሊዝኛ የትምህርት ቤትና የቢሮ ቋንቋ ነው፤ እዚህ ደግሞ የማዳም ቋንቋ ሆኗል። ድሮ ካርቱንም በእንግሊዝኛ ነበር የሚመጣላቸው። «ቮልተስ ፋይቭ» የሚባለው የሮቦት ካርቱን በ1978 ሲገባ በእንግሊዝኛ ነበር። በዓመቱ የፕሬዚዳንት ማርቆስ መንግሥት አስቆመው፤ በታጋሎግ ተመልሶ የታየው በ1999 ነው። በዘጠናዎቹ ዓመታት ብዙ የጃፓን ካርቱን በታጋሎግ መናገር ጀመረ። ልጆቹም በቤታቸው ቋንቋ ሰሙት።

እኛ ይህ ስሜት እንግዳ አይሆንብንም። በ2016 ቃና ቴሌቪዥን የውጭ ድራማ በአማርኛ መመለስ ሲጀምር የሆነውን አስታውሱ። ቱርኮቹ አማርኛ ሲያወሩ ሰፈሩ ሁሉ ሥራ ፈትቶ ቁጭ አለ። የእኛ ተዋንያን «የአገር ውስጥ ሥራ ይገደላል» ብለው እስከ መቃወም ደረሱ፤ እናቶቻችን ግን «ጥቁር ፍቅር» ሰዓት ሲደርስ ቡናውን ቀደም ብለው ያፈሉ ነበር። ከታች የሚጻፍ ትርጉም ማንበብ የማይችል ሰው ድምፁን ይሰማል። ወጥ እያማሰለም፣ ልብስ እየተኮሰም ይሰማል።

በድምፅ መመለስ ቃል መለወጥ ብቻ አይደለም። የጃፓኑ ንግግር አጭር ሆኖ ታጋሎጉ ከረዘመ አፉ ተዘግቶ ድምፁ ይቀጥላል። ስለዚህ ተርጓሚው እንደ አፉ አከፋፈት ልክ ንግግሩን ያሳጥራል፣ ያስረዝማል። ካርቱን ሲሆን ይህ ይቀላል፤ የተሣለ አፍ ይከፈታል ይዘጋል እንጂ እንደ ሰው ከንፈር ብዙ አይቀያየርም። ከዚያ ደግሞ አጠራር አለ። በታጋሎግ ታላቅ እህት «አቴ» ናት፣ ታላቅ ወንድም «ኩያ» ነው፣ እናት «ናናይ» ናት። ለታላቅ ሰው በባዶ ስሙ መጥራት ነውር ነው፤ ልክ እንደ እኛ ጋሼና እትዬ። ቻይናዊው ልጅ በጃፓን እጅ ተሥሎ፣ እህቱን እንደ ፊሊፒኖ ሲጠራት ለሚሰማ ሰው የጎረቤት ልጅ ይሆናል። «አቴ» የሚለውም ለጆሮዬ ከእኛ «እቴ» ጋር አንድ ሆኖብኛል፤ የሚገርም መመሳሰል ነው።

ሌላም የሚያዩት አለ፤ «ያኪታቴ ጃፓን» ይባላል፤ ስለ ዳቦ ነው፤ ከ2004 እስከ 2006 ተሠርቶ 69 ክፍል አለው። አዙማ የሚባል ልጅ እጁ ሙቀት ስላለው ሊጡ ቶሎ ይነሣለታል። የጃፓን የራሱ የሆነ ዳቦ መሥራት ይፈልጋል። በጃፓንኛ ዳቦ «ፓን» ስለሆነ «ጃፓን» የሚለው የአገሩ ስምም የዳቦው ስምም ይሆናል። ካርቱኑ እንዲህ ባለ የቃል ጨዋታ የተሞላ ነው፤ እንደ እኛ ቅኔ ሰምና ወርቅ አለው። የቃል ጨዋታ ደግሞ እንዳለ አይተረጎምም። ተርጓሚው ሌላ የሚያስቅ ነገር ከገዛ ቋንቋው መፈለግ አለበት። አብራን የምትኖረው እህት በእኩለ ሌሊት ብቻዋን ስትስቅ «ምን ሆነሽ ነው?» ብለን ጠይቀን ልታስረዳን ያቃታት ለዚህ ነው።

አንድ ነገር እንዳትሳሳቱ። ታጋሎግ የሁሉም ፊሊፒኖ የእናት ቋንቋ አይደለም። ሴቡዋኖ የሚናገሩ አሉ፣ ኢሎካኖ የሚናገሩ አሉ። ብዙዎቹ ታጋሎግን የለመዱት በትምህርት ቤትና በቴሌቪዥን ነው። በእኛ መካከልም ኦሮምኛ፣ ሲዳምኛ፣ ትግርኛ አፋቸውን የፈቱበት እህቶች አሉ፤ አማርኛ የምንገናኝበት ነው። ለእነሱም ያ ካርቱን የሚገናኙበት ነው።

ሙያው በአደባባይ መታየቱ

ሁለተኛውና ለእኔ ትልቁ ይህ ነው። በአማርኛ ጥሩ ወጥ የምትሠራ ሴት «ባለሙያ ናት» ትባላለች። ሐኪሙም ባለሙያ ነው፣ መካኒኩም ባለሙያ ነው፤ ቃሉ አንድ ነው። ግን ደግሞ «ሙያ በልብ ነው» የሚል ተረት አለን። ብልህ ሴት የምታውቀውን አትለፍፍም፤ ሠርታ ታሳያለች ማለት ነው። በአገራችን ይህ ክብር ነበረው፤ ጎረቤት ሁሉ የማን እጅ እንደሚጣፍጥ ያውቃልና። እዚህ ግን ሙያችን በልባችን ሲቀር እዚያው ተቀብሮ ይቀራል። አንዱን የረመዳን ማታ ልንገራችሁ። ማችቡሱንም፣ ሀሪሱንም፣ ሉቀይማቱንም የሠራሁት እኔ ነበርኩ። እንግዶቹ እያደነቁ ከየት እንደታዘዘ ጠየቁ፤ የአንድ ትልቅ ምግብ ቤት ስም ተነገራቸው። እኔ ሻይ እያቀረብኩ ቆሜ ሰማሁ።

በካርቱኑ ውስጥ እንዲህ አይሆንም። አብሳዩ መሀል ላይ ይቆማል፣ ሰው ሁሉ ዙሪያውን ከቦ ያያል። ምን እንዳደረገ ብቻ ሳይሆን ለምን እንዳደረገ ይነገራል። ዳኛው ይቀምሳል፣ ከዚያ ምስጢሩ ይዘረዘራል፤ እሳቱ ለምን እንደተቀነሰ፣ ቢላዋው ለምን በዚያ በኩል እንደቆረጠ።

እስቲ ዶሮ ወጥን በዚያ ካርቱን አስቡት። ሁለት ሴቶች ይወዳደራሉ። አንደኛዋ ቸኩላ ዘይቱን መጀመሪያ ጨመረች፤ የሽንኩርቱ ሽታ ቤቱን ሞላው፣ ተመልካቹ አጨበጨበ። ሁለተኛዋ ሽንኩርቱን አድቅቃ በደረቁ ታቁላላለች፤ ሊይዝባት ሲል ውሃ ጠብ ታደርጋለች። ይስቁባታል። ጊዜው ሲያልቅ ዳኛው የሁለቱንም ቀመሰ። የመጀመሪያዋ ወጥ ሽንኩርቱ እየታየ ለብቻው ይዋኛል። የሁለተኛዋ ሽንኩርት ጠፍቷል፤ ራሱ ወጡ ሆኗል። ያኔ ትናገራለች፦ «ሽንኩርት የራሱ ውሃ አለው። በደረቁ ቀስ ብሎ ሲበስል ውሃው ይወጣል፣ ይሟሟል፣ ጣፋጭነቱ ይመጣል፣ ወጡንም ያወፍረዋል። ዘይት ቀድሞ ከገባ ጥብስ ይሆናል እንጂ አይሟሟም። በርበሬውንም ጥሬ ጥሬ እንዳይሸት ታግሼ አብስዬዋለሁ። ዶሮዋን በ12 ብልት አውጥቼ በሎሚና በጨው ደጋግሜ አጥቤያታለሁ። መከለሻውን የጨመርኩት ሽታው እንዳይጠፋ ላወጣ ስል ነው።» እህቶቼ፣ ይህን ሁሉ እያንዳንዳችን እናውቀዋለን። እናቶቻችን ሲሠሩ አይተን ነው የተማርነው፤ ማንም ተናገሩት ብሎን አያውቅም።

ካርቱኑ ማጋነኑንስ? የድስቱ ክዳን ሲነሣ ብርሃን ይወጣል፣ ዘንዶ ይታያል፣ የቀመሰው ሰው ያለቅሳል። መጀመሪያ ልጅነት መሰለኝ። በኋላ ግን ገባኝ። ቴሌቪዥን መልክና ድምፅ እንጂ ጣዕምና ሽታ አያደርስም። ስለዚህ ሠዓሊው የማይታየውን ጣዕም የሚታይ ማድረግ አለበት። እኛስ «ጣት ያስቆረጥማል» እንል የለ? ጣቱን የቆረጠመ ሰው ግን አላየንም።

የእናት እጅ

ሦስተኛው ምክንያት ትንሽ ከበድ ይላል። ማኦ ከተማ ለከተማ እየዞረ የሚማረው እናቱ የሠራችውን ጣዕም ይዞ ነው። ፊሊፒንስ ውስጥ ብዙ እናቶች ለሥራ ወደ ሆንግ ኮንግ፣ ወደ ሳዑዲ፣ ወደዚህ አገር ሄደዋል፤ ልጆቻቸውን አያት ወይም አክስት አሳድጋቸዋለች። ከእነዚያ ልጆች አንዳንዶቹ አድገው ራሳቸው እዚህ መጥተዋል። የእናቱን ወጥ የሚፈልግ ልጅ ታሪክ ለእንዲህ ያለ ሰው ተራ ካርቱን አይሆንም።

ለእኛም አይሆንም። እኔ ስወጣ ልጄ ገና ጡት የጣለች ነበረች። አሁን ስልክ ስንነጋገር የምትወደው ወጥ የአያቷ ነው፤ እግዚአብሔር ይመስገን፣ አያቷ ባለሙያ ናት። ግን የእኔን እጅ አታውቀውም። ይህን የሚሰማ ሁሉ በየቤቱ አለ። ከዚህ ካርቱን የተማርኩት አንድ ነገር፣ ጣዕም በአፍም እንደሚተላለፍ ነው። ስለዚህ በድምፅ መልእክት መላክ ጀመርኩ፤ «ሽሮው ሲንተከተክ እንዲህ ያለ ድምፅ ሲያሰማ እሳቱን ቀንሺ» እያልኩ። የድስቱን ድምፅ ራሱን ቀድቼ እልክላታለሁ። ባለፈው ሠርታ ፎቶ ላከችልኝ፤ ቀጥኗል። ምን ሲያደርጉ እንደሚወፍር እየተነጋገርን ነው።

ሳሎኑም ያለቀሰበት ካርቱን

ኩኪንግ ማስተር ቦይን የሠራው ድርጅት ቀደም ብሎ በ1985 «ፕሪንሰስ ሳራ» የሚባል ሠርቷል። ሳራ በለንደን አዳሪ ትምህርት ቤት የምትማር የሀብታም ልጅ ናት። አባቷ ሲሞትና ገንዘቡ ሲያልቅ እመቤቷ ገረድ ታደርጋታለች፤ ጣሪያ ሥር ባለ ክፍል ታስተኛታለች። ፊሊፒኖች ይህንንም በታጋሎግ አይተው ወደዱት፤ በ1995 ራሳቸው የእውነት ፊልም አድርገው ሠሩት። የሚገርመው፣ ይኸው ካርቱን በአረብኛ «ሳሊ» ተብሎ ተመልሷል፤ የዚህ አካባቢ ልጆችም አይተውት አድገዋል። እንግዲህ አንዳንዷ ማዳም በልጅነቷ ለዚያች ገረድ አልቅሳ ይሆናል። ጊዜ ስታገኙ፣ ጨዋታ ሲኖር፣ «ሳሊን ታውቂያታለሽ?» ብላችሁ ጠይቁ። እኔ ስጠይቅ ፊቷ በራ፤ መዝሙሩን አዜመችልኝ። ሥራው አልቀነሰም፤ ግን ያን ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ቁጭ ብለን አወራን።

እኛስ ምን እናድርግ?

አንደኛ፣ የዚህን አገር ሕግ እወቁ። ከ2022 መጨረሻ ጀምሮ በሚሠራበት የቤት ሠራተኞች ሕግ 19 የሥራ ዓይነቶች ተዘርዝረዋል። ሹፌር አለ፣ አትክልተኛ አለ፣ ሞግዚት አለ። የቤት ሠራተኛ አንዱ ነው፤ ምግብ አብሳይ ደግሞ ለብቻው የቆመ ሌላ ሥራ ነው። ይህ ማለት ማብሰል ከጽዳት ጋር የሚመጣ ምራቂ አይደለም፤ ስም ያለው ሙያ ነው። ኮንትራታችሁ ላይ የተጻፈው የትኛው እንደሆነ አንብቡ፤ ማንበብ የምትቸገሩ ለምታነብ እህት ስጡ። አዲስ ኮንትራት ስትፈርሙ ወይም ቤት ስትቀይሩ «ምግብ አብሳይ ነኝ፤ ይህን ይህን እሠራለሁ» ማለት ትችላላችሁ።

ሁለተኛ፣ የምትሠሩትን ጻፉ። ትንሽ ደብተር ይበቃል። የምግቡን ስም፣ ለስንት ሰው እንደሆነ፣ ምን እንዳደረጋችሁና ለምን እንዳደረጋችሁ። የሐበሻውንም፣ የዐረቡንም፣ ከፊሊፒኖዋ የተማራችሁትን አዶቦና ሲኒጋንግም ጻፉ። አገር ገብታ ትንሽ ምግብ ቤት ልክፈት የምትል እህት ያ ደብተር ከሻንጣው ሁሉ ይበልጥባታል። በላዩም ላይ ስማችሁን ጻፉበት፤ ሙሉ ስማችሁን፣ ከነአባታችሁ። ያችን የቼንግዱ ሴት አስታውሱ።

ሦስተኛ፣ ማስጠንቀቂያ ነው። የወጥ ቤት ካርቱን ሁሉ ለልጅ አይሆንም። «ሾኩጌኪ ኖ ሶማ» የሚባለው በ2015 የጀመረ አለ፤ ስለ ምግብ ትምህርት ቤት ነው፣ ማብሰሉ ጥሩ ነው፤ ነገር ግን የሚቀምሱት ሰዎች ራቁታቸውን ሆነው የሚሣሉበት ቦታ ይበዛል። የቤቱ ልጆች አጠገብ ሆነው አትክፈቱት። ለልጅ ከማሳየታችሁ በፊት ራሳችሁ እዩት፤ ማዳምንም አስፈቅዱ።

በመጨረሻ፣ አብራችሁ የምትኖረውን እህት «አቴ፣ እስቲ ከመጀመሪያው ክፍል ጀምረሽ አሳዪኝ» በሏት። ቋንቋው ባይገባችሁም ድስቱ ይገባችኋል፤ ያልገባችሁን እሷ ትነግራችኋለች። «ማሳራፕ» የሚል ቃል ደጋግማችሁ ትሰማላችሁ፤ ይጣፍጣል ማለት ነው። በሚቀጥለው ስንገናኝ ደግሞ እያንዳንዳችን አንድ አንድ ወጥ ከነምክንያቱ እንናገራለን፤ የምትጽፍ እህት ደብተር ይዛ ትምጣ። እኔ በሽሮ እጀምራለሁ። ያቺ ልጄ ያቀጠነችውን ሽሮ ማወፈር የምታውቁ ካላችሁ ግን ቀድማችሁኝ ተናገሩ፤ ማታ ድምፁን ቀድቼ እልክላታለሁ።